የሮበርት ሽማግሌዎች

እንዳለ የምንለው ሰው ወደ አባቴ ከላካቸው ሦስት ሽማግሌዎች አንደኛው ጎማ ይጠግናል፣ ሁለተኛው ፀጉር ያስተካክላል፣ ሦስተኛው መናኸሪያ ቆሞ «በደሳ፣ መቻራ» እያለ ተሳፋሪ ይጣራል። ሦስቱም መልካም ሰዎች ናቸው። ነገር ግን ጭሮ ከተማ ውስጥ፣ ለጋብቻ ቀርቶ በአጥር ለተጣሉ ጎረቤታሞች እንኳ ለሽምግልና የጠራቸው ሰው የለም። የላካቸው ሰው ላትቪያዊ ስለሆነ ይህን አያውቅም። እኔ አውቃለሁ፤ ማንን እንደሚልክ ግን አልጠየቅኩትም። ፀጉሬን ተሠርቼ፣ መጋረጃ ጀርባ ተቀምጬ መልሱን ስጠብቅ ነበር። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይባላል።

ሣህሊቱ አምባው እባላለሁ። ከመናኸሪያው ትንሽ ከፍ ብሎ ፎቶና ቪዲዮ ቤት አለኝ። ሠርግ፣ ኒካህ፣ ክርስትና፣ ምርቃት እቀርጻለሁ። ሥራ ሲቀዘቅዝ ድራማ እጽፍና አዘጋጃለሁ፤ በፍላሽና በቴሌግራም ከእጅ ወደ እጅ የሚዞር ድራማ ነው። አርባ አንድ ዓመቴ ነው። አንድ ጊዜ አግብቼ ነበር። አባቴ «ይሄ ልጅ አይሆንሽም» ሲለኝ ኮብልዬ ነው ያገባሁት። ደረጀ ይባላል። «ስድስት ወር ብቻ» ብሎ በጅቡቲ በኩል ወደ ሳውዲ ሄደ። በመጀመሪያው ዓመት ይደውል ነበር፣ ከዚያ ተወው። ጂዳ አግብቶ መውለዱን የነገረን ከዚያ የመጣ ሰው ነው። ፍቺውን ፍርድ ቤት አጽድቆልኛል። ስለ እሱ ማውራት ስለማልወድ እዚህ ላይ እተወዋለሁ።

እንዳለ ደግሞ ስሙ እንዳለ አይደለም፣ ኢንዱሊስ ነው። የጭሮ ሰው ምላስ ላይ የሚንከባለል ስም አይወድም፤ በሳምንቱ እንዳለ አለው፣ በዚያው ጸና። በአገሩ፣ ሪጋ በምትባል ከተማ፣ የታወቀ የፊልም ካሜራ ባለሙያ ነበር። ምን ምን ሠራህ ብዬ ስጠይቀው፣ አንደኛው ፊልም ስለ ጭጋግ መሆኑን ነገረኝ። ሁለተኛው ጭጋግ ውስጥ ስለጠፋች ላም ነው። ሦስተኛው ላሟ ከጠፋች በኋላ ስለቀረው ጭጋግ ነው፤ በእሱ ተሸልሟል። ከካሜራ ጀርባ ብቻ ሳይሆን ከፊቱም ቆሟል። ተዋናይ በጎደለ ቁጥር «ያንተ ፊት አይንቀሳቀስም፣ ግባ» እያሉ ያስገቡት ነበር። አብዛኛውን ጊዜ የተወነው ሬሳ ሆኖ ነው። አንድ ጊዜ በር የሚከፍት ወታደር ሆኗል፤ በሩን ከፍቶ እንደገባ ግን ተመትቶ ሬሳ ሆነ። ይህን ሲነግረኝ ስላልሳቀ እኔም አልሳቅኩም።

ወደ እኛ የመጣው በመቻራ ቡና ላይ ዘጋቢ ፊልም ከሚሠሩ ሰዎች ጋር ነው። መቻራ መንገድ ላይ መኪናቸው ተገለበጠች። ሌሎቹ ልብሳቸውን አራግፈው ተነሡ፤ እሱ ካሜራውን አቅፎ ስለወደቀ ካሜራው ተረፈ፣ እግሩ ግን ሁለት ቦታ ተሰበረ። ባልደረቦቹ ሥራውን ትተው አገራቸው ገቡ፣ እሱ ጀሶ ውስጥ ሆኖ ጭሮ ቀረ። አባቴ ግቢ ያለችውን ሰርቪስ ቤት ተከራየ። ጀሶው ሲፈታለት ይሄዳል ስንል አልሄደም። ከአባቴ ጋር በየማታው ዳማ ይጫወታል፤ አባቴ ጡረታ የወጣ የመንገድ ሥራ ፎርማን ነው፣ መቻራ መንገድ ላይም ስለሠራ መኪናዋ መገልበጧን እንደ ራሱ ጥፋት ቆጥሮ በመጀመሪያው ወር ኪራይ አልተቀበለውም።

በክራንች እየተደገፈ ሱቄ መጥቶ የሠርግ ቪዲዮዎቼን ያይ ነበር። አንድ ሙሉ የሠርግ ቪዲዮ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ሳያንቀላፋ አየ፤ ይህን ሙሽሮቹም አላደረጉትም። ከዚያ ሥራ ስጪኝ አለኝ።

ሠርግ ስንቀርጽ ሕግ አለን። መብራቱን አብርቶ ጠረጴዛ በጠረጴዛ መሄድ ነው፤ የመጣ ሰው ሁሉ ሲበላ መታየት አለበት። ቪዲዮው ላይ ያልታየ ዘመድ «ከሰው አልቆጠሩኝም» ብሎ እስከ ልጅ ልጅ ይቀየማል። ይህን ለእንዳለ በደንብ አስረዳሁት፣ ራሱን ነቀነቀ፣ የአንድ ቡና ነጋዴ ልጅ ሠርግ ሊቀርጽ ሄደ። ያመጣው ቪዲዮ ላይ ሙሽራዋ መስኮት አጠገብ ብቻዋን ተቀምጣ ጫማዋን ታያለች። ለረጅም ጊዜ ታየዋለች። ከዚያ ድንኳን ላይ ዝናብ ይዘንባል። ከዚያ አንዲት አክስት ማንም አያየኝም ብላ እንባዋን ትጠርጋለች። አባትየው አይቶ ሲጨርስ «በሬው የታለ?» አለኝ። ሁለት በሬ ታርዶ አንዱም ቪዲዮው ውስጥ የለም። ሦስት መቶ ሰው በልቶ የሚታየው አንዲት አክስት ነች፣ እሷም ከሙሽራው ወገን።

ገንዘባቸውን መለስኩ፣ እንዳለን ከሠርግ አስወጣሁት። ማታ ሱቁን ዘግቼ ያንን ቪዲዮ ብቻዬን ደግሜ አየሁት። እኔም ሠርጌ ዕለት ጫማዬን ነበር የማየው። ያኔ ነው እንዳለን የወደድኩት፤ ለራሴ ያመንኩት ግን ብዙ ቆይቼ ነው።

ፈረንጅ እጅሽ ላይ ካለ ድራማ ውስጥ ፈረንጅ ማስገባት የግድ ነው። «የመቻራ መንገድ»ን ጻፍኩ። ሮበርት የሚባል የውጭ ቡና ገዢ መቻራ መጥቶ የአንድ ገበሬ ልጅ ይወዳል። ሦስት ሽማግሌዎች ይልካል። ሽማግሌዎቹ ዋስ ሆነው ያጋቡታል፣ እሱ «እስክመለስ አታልቅሺ» ብሎ ይሄዳል፣ አይመለስም። ልጅቷ መንገዱን እያየች ያልቃል። ክፍል አንድ ነው፤ ክፍል ሁለት እንደሚኖር መጨረሻው ላይ ጽፌ ነበር፣ ሁሉም እንደሚጽፈው። ሮበርት ከሚናገረው ግማሹን የወሰድኩት ከደረጀ ነው። ሰው ቤቱ ያለውን ነው የሚያቀርበው።

እንዳለ ድራማውን ራሱ ነው የቀረጸው። ብርሃኑን ይጠብቃል፣ ካሜራውን ያስተካክላል፣ እኔን ያስይዘኛል፣ ከዚያ በእርጋታ ተራምዶ ፊት ለፊት ገብቶ ክፉ ሰው ይሆናል። ምንም አያደርግም፤ ዝም ብሎ ይቆማል። አማርኛውን ሁሉ በአንድ ድምፅ ነው የሚናገረው፣ ሲደሰትም ሲርበውም ፊቱ አንድ ነው። ሕዝቡ ግን በዚያ ፊት ላይ ሊፈጸም የሚችለውን ክፋት ሁሉ አየ። «እስክመለስ አታልቅሺ» ሲል ያዩ ሴቶች ሁሉ አለቀሱ።

ድራማው ከጭሮ ተነሥቶ ሂርና፣ በደሳ፣ መቻራ ደረሰ። አውቶቡስ ውስጥ ሳይቀር ይታያል። ከዚያ በኋላ የእንዳለ ኑሮ ከበደ። በደሳ ገበያ አንዲት ቡና ሻጭ «ሀቱ» ብላ በጥፊ መታችው፤ ሌባ ማለቷ ነው። ቦርደዴ ሻይ ቤት ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙረው አስቀመጡት። እዚህ ጭሮ ጫት የምትሸጠው ኩብራ ባለፈ ቁጥር «ልጅቷስ እንዴት ናት?» ትለዋለች። እሱ ስለ እኔ የጠየቀችው መስሎት «ደህና ናት፣ አልሐምዱሊላህ» ይላታል። ኩብራ እስከ ዛሬ እንዲህ ያለ ዓይን አውጣ አላየሁም ትላለች። እሱ ግን አልተከፋም። በአገሩ ሬሳ ሆኖ ሲጫወት መንገድ ላይ አስታውሶ የሰደበው አንድ ሰው እንኳ እንደሌለ ነገረኝ።

እንጋባ ያለኝ የካሜራ መስታወት እየወለወለ ነው። እኔም ሐሳቤን አልሸሸግኩም፣ እፈልግሃለሁ አልኩት። ግን ባለፈው ጊዜ አባቴን ረግጬ ወጥቼ ያገኘሁትን አግኝቻለሁ። ዕድሜዬ ስንትም ይሁን፣ አባቴ እሺ ካላለ ከዚህ ቤት ሁለተኛ አልወጣም፤ ይህን በግልጽ ነገርኩት። ሥርዓቱ ምንድን ነው አለኝ። ማንም ወንድ ለራሱ አይጠይቅም፣ ነውር ነው፣ ሰው የሚሰማቸውን ሦስት ሽማግሌዎች ትልካለህ አልኩት። አሰበበት። የጭሮን ሽማግሌዎች በካሜራ ውስጥ ካልሆነ አይቷቸው አያውቅም። ድራማው አዳራሽ ውስጥ ሲታይ ሕዝቡ ትንፋሹን ውጦ የሰማቸው የሮበርት ሽማግሌ ሆነው የተጫወቱት ሦስት ሰዎች ነበሩ። ስለዚህ እነሱን ላከ።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ በር ተንኳኳ፣ አባቴ ከፈተ። በመጋረጃው ቀዳዳ ሳይ ሦስቱ ነጭ ጋቢ ለብሰው፣ ከዘራ ተደግፈው ቆመዋል። ጋቢዎቹን አወቅኋቸው፤ የድራማው አልባሳት ናቸው። አባቴ ተቀመጡ አላቸው። ጎማ ጠጋኙ ታደሰ የመጣንበት ጉዳይ ሳይሰማ አንቀመጥም አለ። ትክክል ነው፣ ሽማግሌ የሚለው እንደዚያ ነው። ታደሰ ይህን ያወቀው ግን ከእኔ ድርሰት ነው።

«ልጃችን እንግዳ ነው» አለ ታደሰ። «ነገር ግን ለልጅዎ...» ትንፋሽ ሳበ። እዚህ ቦታ ትንፋሽ እንዲስብ ያስጠናሁት እኔ ነኝ። «ለልጅዎ፣ ዋንዛ ለቡና እንደሚሆነው ሁሉ...»

«ጥላ ይሆናታል» ብሎ አባቴ ጨረሰለት።

በድርሰቱ መሠረት ከዚህ በኋላ የልጅቷ አባት ብዙ አስቦ እሺ ይላል። ታደሰ ጠበቀ። አባቴ አልተናገረም። ታደሰ አባቴ ቃሉን የረሳ መሰለው፤ ቀረጻ ላይ እንደለመደውም «ልጃችን እንግዳ ነው» ከሚለው ጀምሮ ደገመለት።

«ሰውየውን አውቀዋለሁ» አለ አባቴ። «አግብቶ ይሄዳል።»

ፀጉር አስተካካዩ በድሪ ሰላማዊ ሰው ነው፤ ነገሩ የተምታታ መስሎት ያ ድራማ መሆኑን፣ ይህ ግን የእውነት መሆኑን በትሕትና ለማስረዳት ሞከረ። አባቴ እስኪጨርስ ሰማው።

«መቻራ ላይ ዋስ የሆናችሁት እናንተ ናችሁ» አለ። «ልጅቷ መንገድ ዳር ስትቀር አንዳችሁ ተመልሳችሁ አባቷን ይቅርታ ጠይቃችኋል?»

በድሪ ክፍል ሁለት ገና አልተጻፈም አለው።

«እንግዲያው ሲጻፍ ኑ» አለ አባቴ፣ በሩንም ከፈተላቸው።

እንዳለ ከአባቴ በር ጥቂት እርምጃ ርቆ ሰርቪስ ቤቱ ደጃፍ ላይ ተቀምጦ ሁሉንም ሰምቷል። ሽማግሌዎቹ ግን ሥርዓት ሥርዓት ነው ብለው ግቢውን አቋርጠው ሄደው መልሱን ደግመው ነገሩት። የዚያን ዕለት ማታ አባቴ እንደወትሮው የዳማውን ሰሌዳ ይዞ ወጣ፣ እንዳለም ተቀመጠ፣ ተጫወቱ። እኔ ማጀት ሆኜ በንዴት ሳህን አጠብኩ። ሃይማኖቱን ያነሣል ብዬ ሠግቼ ነበር፤ እንዳለ ክርስትና ተነሥቷል። ዕድሜውን፣ አገሩን፣ ባዶ ኪሱን ያነሣል ብዬ ለሁሉም መልስ አዘጋጅቼ ነበር። ለሮበርት ግን መልስ አልነበረኝም። አያ ጅቦ ሳታመካኝ ብላኝ አልኩ፣ እንዲሰማኝ ጮክ ብዬ። ሰማ፣ ዳማውን ቀጠለ።

በማግሥቱ ዓሊዩ ጋ ሄድኩ። ዓሊዩ ጫት ነጋዴ ነው፣ የአባቴ የልጅነት ጓደኛ፣ ጎረቤታችን። አባቴ ድራማና እውነት መለየት አቅቶታል፣ እርጅና ገብቶበታል ብዬ አለቀስኩበት። ዓሊዩ የጫት ቅጠሉን እየለየ አዳመጠኝ።

«ወላሂ፣ አባትሽ ከእኔም ካንቺም ይልቅ ሁለቱን ይለያል» አለኝ። «አንቺ ድራማውን ስታሳዪን ኦቦ አምባው ከጎኔ ነበር የተቀመጠው። ፈረንጁ አፉን ሲከፍት እጄን ያዘኝ። 'ይሄ ቃል የማን እንደሆነ ታውቃለህ?' አለኝ። አዎ አልኩት፣ አውቃለሁ።»

ዓሊዩ ክፍል ሁለትን ጻፊ፣ ሰውየው ይመለስ፣ አባትሽም መመለሱን ይየው አለኝ። ከዚያ ኢንሻአላህ ሽማግሌ ሆኖ የሚሄደው ዓሊዩ ራሱ ነው።

ጻፍኩ። በመጀመሪያው ረቂቅ ሮበርት እየተመለሰ ሳለ ቦርደዴ ላይ ሲኖትራክ ገጨው። በሁለተኛው ወባ ያዘው። በሦስተኛው በደኅና መጣ፣ ልጅቷ በር ላይ ሆና አየችው፣ ከዚያ ምን እንደምታደርግ ስላላወቅኩ ወንዝ ውስጥ ከተትኩት። የተመለሰ ሰው አይቼ አላውቅም፤ እንዴት እንደሚቆም፣ መጀመሪያ ምን እንደሚል ከየት ላምጣው? እንዳለ ሦስቱንም ረቂቅ በጥንቃቄ አነበበ። ሬሳ መሆን እንደሚችል፣ ልምዱም እንዳለው ነገረኝ። ሬሳ ግን ሽማግሌ መላክ እንደማይችል አስታወሰኝ።

በመጨረሻ ቀላሉን ጻፍኩ። ሮበርት መጥቶ የልጅቷን አባት በር ያንኳኳል። ይቅርታ ይጠይቃል። አባትየው ሦስት ጊዜ እምቢ ይልና በአራተኛው ግባ ይለዋል። በክፍል አንድ አባት ሆኖ የተጫወተው ሰው አዳማ ስለገባ ተዋናይ ጎደለን። ዓሊዩ ሄዶ አባቴን ጠየቀው። አባቴ ሁለት ቀን አስቦ እሺ አለ። ሁለት ነገር ግን አስቀደመ፤ በገዛ ቤቱ በር ላይ ይቀረጽ፣ በገዛ ኮቱ ይታይ። ቃሉን እንዲያጠና ወረቀቱን ሰጠሁት፤ ኪሱ ከተተው።

የቀረጻው ቀን እንዳለ ፀሐዩ ከተራራው እስኪዘቀዝቅ አስጠበቀን። ጎረቤት ሁሉ አጥር ላይ ተንጠልጥሏል፤ ሦስቱ ሽማግሌዎችም ያለ ጋቢ መጥተው ጥግ ቆመዋል። ዓሊዩ ብርሃን የሚመልሰውን ነጭ ሰሌዳ እንዲይዝ ታዘዘ፣ ያዘ። እንዳለ ካሜራውን አስተካክሎ ሲጨርስ አስያዘኝ። ከዚያ እያነከሰ ሄዶ በሩን አንኳኳ።

አባቴ ከፈተ። እንዳለን ከላይ እስከ ታች አየው።

«ደረጀ» አለ።

ድርሰቱ ውስጥ ደረጀ የሚባል ሰው የለም። ቁረጡ ማለት የእኔ ሥራ ነበር፤ አላልኩም። እንዳለ ደረጀ ማን እንደሆነ ያውቃል፣ ነግሬዋለሁ። አልተንቀሳቀሰም።

«ስድስት ወር ነበር ያልከው» አለ አባቴ። ድምፁ ከወትሮው አልጨመረም። «ስልክ በጠራ ቁጥር የያዘችውን ሁሉ ጥላ ትሮጥ ነበር። አልጠራ ሲላት ተበላሽቷል ብላ ለጠጋኝ ሰጠችው። ጠጋኙ ደህና ነው አላት። ደህና ስልክ ይዛ ስትመለስ በዚህ በር ስትገባ አየኋት። ያን ቀን ብሞት ይሻለኝ ነበር። እኔ አባቷ ነኝ፤ አልቅሺ ማለት ነበረብኝ። ሄዷል ብዬ ግን አንድ ቀን ነግሬያት አላውቅም። አልመጣልኝም። እሷ ትጠብቅ ነበር፣ እኔ ስትጠብቅ እያየሁ ዝም ብዬ ኖርኩ። አንተ እዚያ ልጅ ትስማለህ።»

ካሜራውን እንደያዝኩ እያለቀስኩ ነበር፤ ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም የሚሉት እውነት ነው፣ ዓመታት ያስቀመጥኩት ሁሉ ወረደ።

እንዳለ «እኔ ደረጀ አይደለሁም» ሊል ይችል ነበር። ማንም ሰው ይህን ነበር የሚለው። እሱ ግን ያ ሁለት ቦታ የተሰበረ እግሩ በደንብ ስለማይታጠፍ የበሩን መቃን ይዞ፣ ቀስ ብሎ፣ መሬት ላይ ተንበረከከ።

«አጥፍቻለሁ» አለ። «ልጅዎን በድያለሁ። እርስዎንም በድያለሁ። ይቅር ይበሉኝ።»

በዚያው በአንድ ድምፁ ነው ያለው። ፊቱ እንደሁልጊዜው ነው። ማንም ተዋናይ እንደዚያ ሲያደርግ አይቼ አላውቅም። ደረጀ መቼም የማይለውን ቃል፣ ደረጀ ሆኖ፣ ለእኛ አለልን።

አባቴ ኮቱን አስተካከለ።

«ይቅር ብዬሃለሁ፣ ደረጀ» አለ። «በል ሂድ።»

በሩን ዘጋው።

ዓሊዩ ነጩን ሰሌዳ ዝቅ አደረገ። ታደሰ ከጥግ ሆኖ በድሪን አልቋል እንዴ ብሎ ጠየቀው፣ በድሪ ዝም በል አለው። እንዳለ ከተዘጋው በር ፊት እንደተንበረከከ ነው። እኔም በቃ አለቀ፣ አባቴ እምቢ አለ ብዬ ተስፋ ቆረጥኩ። እንዳለ ግድግዳውን ተደግፎ ተነሣ፣ ጉልበቱን አራገፈ። አንዴ ወደ እኔ ዞር ብሎ አየኝ። ከዚያ እንደ አዲስ አንኳኳ።

«ማነው?» አለ አባቴ ከውስጥ።

«እንዳለ ነኝ።»

«ምን ፈልገህ ነው?»

«ልጅዎን ለማግባት ነው የመጣሁት።»

«ማን ላከህ?»

«ማንም አልላከኝም። ራሴ ነኝ የመጣሁት።»

አጥር ላይ የነበሩት ሴቶች አፋቸውን ያዙ። ለራሱ ሲጠይቅ የሰሙት ወንድ ይህ የመጀመሪያቸው ነው። ከዚያ መቀርቀሪያው ተንቀሳቀሰ፣ አባቴ በሩን እስከ መጨረሻው ከፈተው።

«ነውር ነው» አለው። «ግባ።»

እንዳለ ጎንበስ ብሎ ገባ፤ ለበራችን ረጅም ነው። እኔ እዚያው ቆሜ ባዶውን በር እቀርጻለሁ። ሌላ የማደርገው አልመጣልኝም። አባቴ ግን በሩን አልዘጋም፤ በአንድ እጁ እንደያዘው በካሜራው በኩል ሳይሆን ከካሜራው በላይ ያየኛል።

«አንቺስ ማንን ትጠብቂያለሽ?» አለኝ። «ሄዷል እኮ፣ ልጄ። ግቢ።»

ካሜራውን ዓሊዩ እጅ ላይ አስቀምጬ ገባሁ።